ወፏ ላይ የቀረው ቲቪ

ፍኖተ ሰላም፣ ኅዳር 9 ቀን 2017

እትዬ አይናለም፣

ሾፌሩ እንድሪያስ ያቀበለኝ ወረቀት ላይ ያለው አንድ መስመር ብቻ ነው። «ከሦስት ዓመት በኋላ ምን ፈልገህ ጻፍህልኝ?» ይላል። ስምሽ እንኳን የለበትም። ለነገሩ የእጅ ጽሑፍሽን መች አጣዋለሁ፤ ፊደል ያስቆጠርሽኝ አንቺ ነሽ። እንደምን ከረምህ ሳትይ ቀጥ ብለሽ ወደ ነገሩ። ይሁን፣ ይገባኛል። እኔ ግን ልጠይቅሽ፤ ጤናሽ እንዴት ነውሳ? ቡሬስ እንዴት አደረገሽ? በእናታችን ተዝካር ከተለያየን ወዲህ ያንቺን ወሬ የምለቅመው ከሚኒባስ ረዳቶች ነው። እነሱ ደግሞ በቆሎ ስንት እንደገባ ከማውራት ሌላ አያውቁም። አንዱ ብቻ «ማስተማር ተወች» አለኝ። እውነት ነው እንዴ? ጡረታሽ ገና አይደለም ወይ?

ለጥያቄሽ መልሱ ይኸውልሽ፤ ቲቪሽን ፈልጌ ነው።

ሳቂ፣ ግድ የለም። ቲቪ ጠጋኝ ነኝ፣ ሱቄ ውስጥ ሃያ የሰው ቲቪ ተደርድሯል፣ የራሴ ቤት ግን ድፍን ጨለማ ነው። አንቺ የሰጠሽኝ ቲቪ ሞተ። ከሙሄዲን ሱቅ አንድ ዓይነት ሁለት ቲቪ ገዝተሽ፣ አንዱን ለራስሽ አስቀርተሽ ሌላውን በሚኒባስ ጣሪያ ላይ ጭነሽ የላክሽልኝን ታስታውሺዋለሽ። ሲበራ መጀመሪያ ወፍ የምትታይበት፣ ሰው ሁሉ «ወፏ» የሚለው ርካሹ ቲቪ። መስከረም መጨረሻ ላይ ኔት መጣ ሲባል ጊዜ ራሱን ማደስ ጀመረ፤ ግማሽ ላይ ሳለ መብራት ሄደ። ከዚያ ወዲህ ወፏ ትመጣለች፣ ክንፏን ትዘረጋለች፣ እንደዚያው ሆና ትቀራለች።

ብረቱ ደህና ነው። የተበላሸው ውስጡ ባለች ጥፍር በምታክል ሚሞሪ ላይ የተጻፈው ሶፍትዌር ነው። የፋብሪካውን ፋይል ከጠጋኞች ቴሌግራም አገኘሁት። ተጨምቆና ተቆልፎ የተቀመጠ ጥቅል ነው፤ ሳምንት ሙሉ ስፈታው ሦስቱ ክፍል ተከፈተ፣ አራተኛው ወይ ፍንክች። የሌላ ሞዴል ፋይል ብጭን ሥዕሉ ተገልብጦ መጣ። ጎረቤቴ ገብረሰንበት አንድ ሙሉ ኳስ ጨዋታ ተገልብጦ አይቶ «የተገለበጥነውስ እኛ ነን» ብሎኝ ሄደ።

የሚያነሣው አንድ ነገር ብቻ ነው። ቦርዱ ላይ ያለው ቁጥር ከእኔው ጋር አንድ ዓይነት የሆነ፣ በሕይወት ያለ መንታው ተከፍቶ ከሚሞሪው ቢቀዳ። ያ መንታ ደግሞ አንቺ ቤት ነው ያለው።

ሌላ ግዛ ትይኝ ይሆናል። አልገዛም። ካንቺ በእጄ የቀረኝ ይኼ ብቻ ነው።

ስልክ ደወልሁ፤ እንደ ሁልጊዜው ጠርቶ ጠርቶ ዘጋ። የእኔን ቁጥር ስታዪ እንደማታነሺ አውቃለሁ፤ አልፈርድብሽም። ያን የተዝካር ቀን ድንኳኑ ደጅ ከአፌ የወጣውን ነገር መልሼ ልውጠው ብችል ኖሮ ምላሴን አብሬ በዋጥሁት። ከፍኖተ ሰላም ቡሬ አንድ ሰዓት የማይሞላ መንገድ ነው፤ እኔ ግን መናኸሪያው ድረስ ሄጄ የተመለስሁበትን ቀን ቆጥሬ አልዘልቀውም።

ባለቤቴ ያምሮት ሰላም ብላሻለች።

ወንድምሽ ያረጋል

*

ቡሬ፣ ኅዳር 17 ቀን 2017

ለያረጋል፣

ጤናዬ ደህና ነው። ማስተማሩንም ትቼዋለሁ፣ ሁለት ዓመት አለፈው። ለምን ብትል ደከመኝ፤ ሌላ ምክንያት የለውም።

ስልክ አልወድም። የምትለው ካለህ ጻፍ፤ ፊደል ያስቆጠርሁህ ለዚህ ነው። በስልክ አጭር መልእክትም አትላክልኝ። እሱን የሚልክልኝ ባንኩ ብቻ ነው፣ ለእሱም መልስ አልሰጥም።

ብቻዋን ተቀምጣ ይሆን ብለህ እንዳትጨነቅ። ቤቴ ሰው አያጣም። ጎረቤቱ አለ፣ ማኅበርተኞቼ አሉ፣ የድሮ ተማሪዎቼ ይመላለሳሉ። ቲቪውን የምከፍተው ለዜና ብቻ ነው።

ይከፈት ላልኸው ፈቅጃለሁ። ነገር ግን አንተ እንዳትመጣ። የሙሄዲን ልጅ ሳቢራ እዚሁ ካምፓስ ተምራ አባቷ ሱቅ ውስጥ ጥገና ይዛለች፤ እሷ ትክፈተው። ከቤቴ ሳይወጣ፣ ዓይኔ እያየ። ከግማሽ ቀን በላይ ተነቅሎ እንዳይቆይ። ቢበላሽብኝ አንተንም እሷንም አልለቃችሁም።

ሳቢራ ምን ምን ማድረግ እንዳለባት በጥሩ አማርኛ ጽፈህ ላክ። «እንትኑን እንትን አድርጊው» የሚል ነገር አልፈልግም።

ያምሮት ሰላም ካለች ለምን በራሷ እጅ ሁለት ቃል አትጽፍልኝም? እጇ ጥሩ ነበር።

አይናለም

*

ፍኖተ ሰላም፣ ኅዳር 24 ቀን 2017

እትዬ፣

እግዜር ይስጥልኝ! ደብዳቤሽን ሱቅ ውስጥ ቆሜ ነው ያነበብሁት፤ ደንበኛ እየጠበቀኝ «ቆይ፣ እህቴ ናት» አልሁት። ሦስት ዓመት ሙሉ ያላልሁት ቃል ነው።

ለዜና ብቻ የምትከፍቺው ከሆነ ግማሽ ቀን ቢጠፋ ምን አስጨነቀሽ ልልሽ አሰብሁና ተውሁት። ተቆጪ ቁጣሽን፤ እሱም ናፍቆኛል።

ለሳቢራ የጻፍሁት ለብቻው ታጥፎ አለልሽ። ባጭሩ የምታደርገው ይኼ ነው። ቲቪውን አልጋ ላይ በፊቱ አስተኝታ ጀርባውን ትፈታለች። ሚሞሪዋን ሳትነቅል አራት ቀጭን ሽቦ ትበይድባታለች፣ ከላፕቶፕዋ ጋር ታገናኛለች፣ ያለውን ሁሉ ወደ ፍላሽ ትቀዳለች። ማንበብ ብቻ ነው፤ አንድም ፊደል እንዳትጽፍበት። ከዚያ ሽቦዋን አንሥታ ትዘጋዋለች። ከሙሉው ቅጂ ውስጥ ለእኔ የሚያስፈልገኝን ለይቶ ማውጣት የእኔ ሥራ ነው።

አንድ ነገር ግን ደብዳቤሽ ውስጥ ፈልጌ አጣሁ። ስለዚያ ቀን አንድም ቃል የለም። ትሰድቢኛለሽ ብዬ ነበር የጠበቅሁ። ስድብ ቢኖርበት ይሻለኝ ነበር። እትዬ፣ በእናታችን አጥንት፣ ያልሁሽን ነገር አስቤው አልነበረም። ተናድጄ ነው። ማታ ስተኛ፣ ጠዋት ሱቅ ስከፍት፣ ብረት ሳግል፣ ያው ቃል ይመጣብኛል። ይቅር በይኝ ለማለት እንኳን ቃሉን መድገም አለብኝ፤ እሱን ደግሞ አፌ እምቢ አለኝ።

ያምሮት ሥራ በዝቶባት ነው እንጂ ትጽፍልሻለች። እኔ ጢሜን አሳድጌያለሁ፤ ብታዪኝ አባ ብለሽ መስቀል ትስሚያለሽ።

ያረጋል

*

ቡሬ፣ ታኅሣሥ 6 ቀን 2017

ለያረጋል፣

ፍላሹን በመሐረብ ቋጥሬ ለእንድሪያስ ሰጥቼዋለሁ። መሐረቡ የእናታችን ነው፤ አጥበህ መልስ።

ሳቢራ ትናንት ጠዋት መጥታ ስትሠራ ዋለች። እጇ አይንቀጠቀጥም። ፊት ለፊቴ ቆማ፣ ቀስ ብላ፣ እያንዳንዱን ነገር ከማድረጓ በፊት ትነግረኛለች፤ እንደሷ ያለ ልጅ ብዙ የለም። ልክ ስትጨርስ ቲቪው በራ፤ ወፏ መጣች፣ ሄደች። እኔ ግን ያን ያህል ሰዓት ባዶ ግድግዳ ሳይ ውዬ ራሴን አመመኝ።

ስለ ተዝካሩ ቀን አታንሣብኝ። «ያልሁሽ ነገር»፣ «ያልሁሽ ነገር» እያልህ ትደጋግማለህ። ስለዚያ ቀን ከማንም ጋር ማውራት አልፈልግም፤ ካንተ ጋር ደግሞ ከማንም ይልቅ። ይኼን ሁለተኛ እንዳላነበው።

ከቲቪዬ የወሰድኸውን ለቲቪህ ብቻ አድርገው።

አይናለም

*

ፍኖተ ሰላም፣ ታኅሣሥ 14 ቀን 2017

እትዬ፣

ተነሣ! ወፏ በረረች! ብቻዬን እልል አልሁ፤ ገብረሰንበት «ማን ወለደ?» ብሎ በአጥር ብቅ አለ።

መሐረቡ ታጥቦ ከዚህ ጋር አለልሽ። ተኩሼዋለሁም፤ ሲበዛ ጠንቃቃ ሆኛለሁ።

አሁን ግን እንዳትስቂብኝ። ቲቪው ከሞት ሲነሣ ሦስት በሽታ ይዞ ተነሣ። አንደኛ፣ ድምፅ የለውም። ስፒከሩን ፈታሁት፣ ለካሁት፣ ምንም አልሆነም። ሁለተኛ፣ ሥዕሉ ወደ ታች ወደ ቀኝ ጥግ ተስቦ ይጎላል፤ ዜና አንባቢው ትከሻው ብቻ ነው የሚታየኝ። ሦስተኛው ሊገድለኝ ነበር። ማክሰኞ ጠዋት ልክ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ማንም ሳይነካው ቦግ ብሎ በራ። ክፍሉ በአንዴ ነጭ ሆነ። አማተብሁ። ረቡዕም በዚያው ሰዓት። ሐሙስም።

ጥፋቱ የእኔ ነው። ከፍላሹ የምፈልገውን ለይቼ ማውጣት ነበረብኝ፤ ቸኩዬ እንዳለ ጫንሁት። ግን እስቲ ንገሪኝ፣ ያንቺም ቲቪ እንዲህ ያደርጋል ወይ? ከሆነ ፋብሪካው ነው የሳተው፣ መድኃኒቱን ፈልጌ ለሳቢራ እልክላታለሁ።

ጾሙ እንዴት ይዞሻል? ሽሮውን አንቺ እንደምታቀጥኚው አድርጌ ብሠራ አልሆን አለኝ።

ያረጋል

*

ፍኖተ ሰላም፣ ጥር 3 ቀን 2017

እትዬ፣

ሦስት ሳምንት ሊሞላ ነው፤ መልስ የለም። ለገና ይጻፍልኛል ብዬ ነበር። እንድሪያስን በየቀኑ መናኸሪያ እየጠበቅሁ «ሰጠችህ?» እለዋለሁ፤ አሁንማ ከሩቅ ሲያየኝ ራሱን ይነቀንቃል።

መልስ ሲጠፋ በሽታውን ራሴ ልፈልግ ብዬ ፋይልሽን እንደ ደንቡ ከመጀመሪያው ፈታሁት። አራት ክፍል ነው። አንዱ ቲቪውን የሚቀሰቅስ፣ አንዱ ወፏ ያለችበት፣ አንዱ ፋብሪካው የጻፈው፣ አራተኛው የባለቤቱ። የባለቤቱ ማለት መቆጣጠሪያውን ይዘሽ የነካሽው ሁሉ የሚጻፍበት ነው። ጨዋ ጠጋኝ እሱን ሳያይ ይጥለዋል። እኔ አየሁት። የሰው ጓዳ እንደገባሁ አውቄዋለሁ፤ ስድብሽን ከአሁኑ ተቀብያለሁ።

ሦስቱም በሽታ አይደሉም እትዬ። ሦስቱንም ያደረግሽው በእጅሽ ነው።

ቲቪው ራሱን ባደሰ ቁጥር የድሮውን አሠራር አንድ ቅጂ ያስቀምጣል። ሦስት ቅጂ አገኘሁ። በሁለት ሺህ አሥራ ሦስት ድምፁ ሃያ ላይ ነበር። በአሥራ አራት ስልሳ አምስት። በአሥራ አምስት መቶ፣ ከዚያ በላይ የለውም። አሁን ዜሮ ነው። ድምፁ ዜሮ የሆነ ቲቪ በቀን አሥራ አራት ሰዓት ይበራል ይላል ፋይሉ። ለዜና ብቻ ብለሽኝ ነበር።

ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት እንዲበራ ያዘዝሽው አንቺ ነሽ፤ ብርሃኑም የመጨረሻው ላይ ነው። ወደ ጥግ የተሳበውን ነገር ለመረዳት ትናንት በዜና ሰዓት ቁጭ ብዬ አየሁት። እዚያ ጥግ ላይ በእጇ የምትናገር ሴት አለች።

የብየዳ ብረቱን በእጄ ይዤ ነበር። ብየዳው ቀልጦ ጠረጴዛው ላይ ሲፈስ አላየሁትም።

ስንት ነገር መጣብኝ መሰለሽ። ጠርቶ ጠርቶ የሚዘጋው ስልክ። ጽፈህ ላክ ማለትሽ። ሳቢራ ፊት ለፊት ቆማ ቀስ ብላ ማውራቷ። ከሁሉ በላይ ደግሞ ያ ቀን። ከድንኳኑ ደጅ ሆኜ ሦስት ጊዜ «እትዬ!» ብዬ ጠራሁሽ እኮ። ጀርባሽን ሰጥተሽኝ ከወጥ ሠሪዎቹ ጋር ቆመሽ ነበር፤ ዞር እንኳን አላልሽም። የቤተ ዘመዱ ሁሉ ዓይን እኔ ላይ ነበር። ናቀችኝ አልሁ። ያን ቃል የተናገርሁት በዚያ ንዴት ነው።

እትዬ፣ አትሰሚም ወይ?

ያረጋል

*

ቡሬ፣ ጥር 14 ቀን 2017

ያረጋል፣

አልሰማም።

ይኸው ጻፍሁት። ለሰው ስናገረው የመጀመሪያዬ ነው። ሳቢራ ራሷ ደረሰችበት፤ ለማንም እንዳትናገር በቁርኣኗ አስምያታለሁ።

መጀመሪያ የሄደው ቀኙ ነው፣ እናታችን ታማ ሳለ። እንቅልፍ ማጣት ነው አልሁ። ግራው ተከተለ። ባሕር ዳር ሄጄ ታየሁ፤ ነርቩ ነው፣ አይመለስም፣ የሚሰካውም መሣሪያ አይረዳሽም አሉኝ። በዓመቱ አንድ ተማሪ የጠየቀኝን ትቼ ሌላ ነገር መለስሁለትና ክፍሉ በሙሉ ሳቀ። ሳቁን አልሰማሁትም፤ ጥርሳቸውን ግን አየሁት። በማግሥቱ መልቀቂያ ጻፍሁ።

ቤቴ ሰው አያጣም ያልሁህ ውሸት ነው። ማኅበሩን ተውሁት፤ ሰው ሁሉ እያወራ እኔ እንደ ሞኝ ፈገግ እያልሁ መቀመጥ ሰለቸኝ። ኮራች ተባልሁ። ደንቆረች ከመባል ኮራች መባል ይሻላል ብዬ ተቀበልሁት። ሰው በሬን አንኳኩቶ አንኳኩቶ ይሄድ ነበር መሰለኝ። አሁን የሚያንኳኳም ያለ አይመስለኝም፤ ቢኖርም አላውቅም።

የቤተ ክርስቲያኑ ደወል ከጓሮዬ ነው ያለው፣ ታውቀዋለህ። ሁለት ጊዜ ቅዳሴ ካለፈኝ በኋላ አልጋዬን ወደ ቲቪው አዞርሁት። ብርሃኑ ነው የሚቀሰቅሰኝ።

ያቺ ጥግ ላይ ያለችው ልጅ አስተማሪዬ ናት። ከሥር የሚያልፈውን ጽሑፍ እያነበብሁ የእጇን ቃል እለቅማለሁ። ደብተር ይዣለሁ። «መንገድ»፣ «ውሃ»፣ «ሰላም»፣ «ነገ» የሚሉትን አውቃለሁ። መስታወት ፊት ቆሜ አጠናለሁ፤ ሠላሳ ዓመት ያስተማርሁ ሴት ተማሪ ሆንሁ። የሚመልስልኝ ሰው የለም እንጂ ብዙ ቃል ይዣለሁ። ቲቪው ተነቅሎ እንዳይውል የጨነቀኝ ለዚህ ነበር።

የገባህበት ጓዳ አናዶኛል። ሳምንት ሙሉ ደብዳቤህን ልቅደደው እያልሁ አስቀመጥሁት። አንድ ነገር ግን አስቆመኝና ነው የምጽፍልህ።

በተዝካሩ ቀን መጥራትህን አልሰማሁም። ወጥ ሠሪዋ ትከሻዬን ስትነካኝ ዞር አልሁ። ሰው ሁሉ እኔን ያያል። አንተ ፊትህ ተለዋውጦ አፍህ ይንቀሳቀሳል። አንዷ እጇን አፏ ላይ ጫነች። ያን ጊዜ የመጣልኝ አንድ ነገር ብቻ ነው። ያረጋል ደርሶብኛል፣ መደንቆሬን በእናቴ ተዝካር በዘመድ ፊት ተናገረው አልሁ። ነጠላዬን ተከናንቤ ወጣሁ። ሦስት ዓመት የተቀየምሁህ ለዚህ ነው። አታንሣብኝ ያልሁህም ለዚህ ነው።

አንተ ግን መደንቆሬን ያወቅኸው ገና በዚህ ወር ነው።

እንግዲያውስ ያን ቀን ምን ነበር ያልኸኝ?

አይናለም

*

ፍኖተ ሰላም፣ ጥር 18 ቀን 2017

እትዬ፣

ወረቀት አምስት ጊዜ ቀድጃለሁ። ይኼ ስድስተኛው ነው።

መዋሸት እችል ነበር። «ወጡ አነሰ ነው ያልሁሽ» ብዬ ብጽፍ ማን ይመሰክርብኛል? የነበሩት ሰዎች ረስተውታል፤ ግማሾቹም ሞተዋል። አንቺም ትስቂና ያልፋል። ትናንት እንደዚያ ብዬ ጽፌ አሽጌውም ነበር። መናኸሪያ ደርሼ እንድሪያስ እጁን ሲዘረጋ ኪሴ ውስጥ መልሼ ከተትሁት።

ያልሁሽ ይኼ ነው። «መካን ስለ እናት ምን ታውቃለች?»

ይኸው። የጻፍሁትን ቃል እያየሁት ነው። አባታችን ሲሞት የአራት ዓመት ልጅ ነበርሁ። እናታችን ስትታመም፣ ስትድን፣ ስትታመም ያጠብሽኝ አንቺ፣ ያበላሽኝ አንቺ፣ ፊደል ያስቆጠርሽኝ አንቺ። ባልሽ «አትወልድም» ብሎ ሲፈታሽ እኔ ልጅሽ አጠገብሽ ቁጭ ብዬ ነበር። እናት ማን እንደሆነች ከማንም በላይ የማውቀው እኔ ነበርሁ፤ በሰው ፊት ያን የተናገርሁትም እኔው።

ሌላም ውሸት አለብኝ። ያምሮት ሰላም ብላሻለች ያልሁሽ ውሸት ነው። ልጃችንን ይዛ አዴት እናቷ ቤት ከገባች ሁለት ዓመት አልፏታል። «ካንተ ጋር የሚኖር ሰው መናገርህን እንጂ መስማትህን አያውቅም» ብላኝ ነው የሄደች። እውነቷን ነው። ጢሜንም ያሳደግሁት የሚያየኝ ስለሌለ ነው።

የቲቪውን ሰዓት አልቀየርሁትም። ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ሲበራ አሁን አንቺም ነቃሽ እላለሁ፤ ተነሥቼ ፊቴን እታጠባለሁ። ድምፁንም ዜሮ ላይ ትቼዋለሁ። እስካሁን ከልጅቱ «ሰላም» እና «ነገ» የሚሉትን ይዣለሁ፤ ትክክል ይሁኑ አይሁኑ የሚያርመኝ ያስፈልገኛል።

መምጣት እፈልጋለሁ። ያን ቃል ካነበብሽ በኋላ ግን ና ወይም አትምጣ የምትይው አንቺ ነሽ። አትምጣ ካልሽኝ መጻፌን አልተውም።

ያረጋል

*

ቡሬ፣ ጥር 21 ቀን 2017

ያረጋል፣

ዛሬ አስተርእዮ ማርያም ናት። ደብዳቤህን ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ አነበብሁት፤ ቁጭ ብዬ ደግሜ አነበብሁት።

አመመኝ። አላመመኝም ብልህ እኔም መልሼ ዋሸሁህ ማለት ነው። ያን ቀን ሰምቼው ቢሆን ኖሮ በሕይወቴ ዓይንህን አላይም ነበር። እግዜር ጆሮዬን የነሣኝ ለምን እንደሆነ እስከ ዛሬ አልገባኝም ነበር፤ ዛሬም አልገባኝም፤ ግን ያን ቃል በአፍህ ሳይሆን በእጅህ ጽሑፍ ስላገኘሁት ደስ ብሎኛል። በእጅ ስትጽፍ ቀስ ትላለህ። ልጅ ሳለህም እንደዚያ ነበርህ።

«እኔ ልጅሽ» ብለህ ጽፈሃል። ሳታስብ ነው የጻፍኸው። እሷን መስመር ደጋግሜ አየኋት።

ያምሮትን በተመለከተ አልቆጣህም፤ ሰላምታው በእጇ ሳይጻፍ ሲቀር ጠርጥሬ ነበር። ወደ አዴት የሚጻፈውን ደብዳቤ አብረን እንጽፈዋለን፤ አንተ ብቻህን ከጻፍኸው ታበላሸዋለህ።

እሑድ ና። ከቅዳሴ በኋላ። በሩን አታንኳኳ፤ ቁልፉን ለሳቢራ ሰጥቻታለሁ፣ ከእሷ ተቀብለህ ከፍተህ ግባ። ከኋላዬ እንዳትመጣብኝ፣ እደነግጣለሁ፤ ዞረህ ፊቴ ቁም። ብርሃን ባለበት በኩል ተቀመጥ። አትጩህ፣ መጮህ ምንም አይረዳኝም።

ደግሞ ያን ጢም ተላጭተህ ና። ከንፈርህ ካልታየኝ ምን እንዳልኸኝ እንደገና አላውቅም።

እህትህ አይናለም